ብርሃን ሲደናቀፍ

የኔታ ዕድሜ ልካቸውን ቅኔ ሲያስተምሩ የኖሩ ሰው ናቸው። አምና የቀኝ ዓይናቸውን ሞራ አስገፈፉ፤ ግራው እንዳለ ነው። እኔ ከእግራቸው ሥር ተቀምጬ ዳዊት ከደገምሁ በኋላ ፊዚክስ ብዬ የኮበለልሁ ተማሪያቸው ነኝ። ልጠይቃቸው ጠዋት ስደርስ ቤቱ በዕጣን ታጥኗል፤ ከግድግዳው ስንጥቅ የገባው ጮራ ጭሱን ሰንጥቆ መደቡ ላይ ወድቋል።

— የኔታ፣ ብርሃኑ እንዴት ያምራል!

— የቱ ብርሃን?

— ይኸው፣ ከግድግዳው የገባው።

— እሱማ ጭስ ነው። እስቲ ማጨሻውን ወደ ውጭ አውጣልኝ።

አወጣሁት። ዝም ብለን ቆየን። ጭሱ ሲሳሳ ጮራውም አብሮ ሳሳ፤ በመጨረሻ መደቡ ላይ ስሙኒ የምታህል ክብ ብቻ ቀረች።

— የት ሄደ?

— የትም። የሚያደናቅፈው አጣ እንጂ እዚያው ነው። ብርሃን ሲሄድ አይታይም፤ ሲደናቀፍ ነው የሚታየው።

— እኛም ጋ እንዲሁ ነው የሚባለው። በጨረቃና በምድር መካከል ያለው ጠፈር በፀሐይ ብርሃን የተሞላ ነው፤ ሲያዩት ግን ጥቁር ነው። ጨረቃ መንገዱ ላይ ስለቆመች እሷ ትበራለች።

— አየህ! ልጅ ሳለህ የጠየቅኸኝ ትዝ ይልሃል? ብርሃን የተፈጠረ እሑድ፣ ፀሐይ የተፈጠረች ረቡዕ፤ ፀሐይ ሳትኖር ብርሃኑ ከየት መጣ ብለኸኝ ነበር።

— እንዴት ይረሳኛል? በአርጩሜ ነው የመለሱልኝ።

— መልሱን ስላላወቅሁት ነው። አሁን ብትጠይቀኝ እንዲህ እልሃለሁ። መላእክት በጨለማ ሳሉ ማን ፈጠረን ተባባሉ። ሳጥናኤል እኔ ነኝ አለ። ገብርኤል ግን ያሉበትን ሳይለቁ እንዲጠብቁ አጸናቸው። ብርሃን የተፈጠረው ያን ጊዜ ነው። እንግዲህ የእሑዱ ብርሃን የመጣው ለማወቅ ነው፤ ገና የሚያርፍበት ዓይን አልነበረም። ያደናቀፈው ጥያቄያቸው ነው።

— ይሄ የመጽሐፍ ነው ወይስ የእርስዎ?

— ታሪኩ የአክሲማሮስ፣ የመጨረሻው የኔ። አደባልቀህ እንዳታወራብኝ።

ነገሩን ወደማውቀው ልመልሰው ፈለግሁ።

— የጥንት ግሪኮች፣ እነ ዩክሊድ፣ ጨረር ከዓይን ወጥቶ ነገሩን ሄዶ ይነካል ይሉ ነበር።

— የኛ ሰውስ? ዓይን ወጋው፣ ዓይን በላው ሲል ያው አይደለም?

— ከ1,000 ዓመት በፊት ኢብን አል ሃይሰም የሚባል የባስራ ሰው ካይሮ ተቀምጦ ይህን ተከራከረ። ፀሐይን ትኩር ብሎ ያየ ሰው ዓይኑን ያመዋል፤ እንግዲያው የሚመጣው ከውጭ ነው አለ።

— ደግ ብሏል። ግን ብርሃኑ ሲመጣ ባዶ ቤት አይገባም። ተመልከት።

ግራ ዓይናቸውን በመዳፋቸው ከደኑና የጋቢያቸውን ጫፍ አነሡ።

— በቀኙ ሳየው እንደ ወተት ነው።

ቀኙን ከደኑ።

— በግራው ያረጀ ብራና ይመስላል። ስንት ዓመት ሙሉ ነጭ ጋቢ ለብሻለሁ እል ነበር። እውነቴንም ነበር፤ ጋቢው ነጭ ነው። ያየሁት ግን ቢጫ ነው። ቢጫ አይቼ እንዴት ነጭ አልሁ?

— የዓይን ሌንስ በዕድሜ ወደ ቢጫነት ይሄዳል፤ ሰማያዊውን ያስቀርበታል። የሚለወጠው ቀስ እያለ ስለሆነ አእምሮ ይለምደውና ያርመዋል።

— አራሚውንስ ማን ያርመዋል?

መልስ አልነበረኝም። ስለ ብርሃን ብዙ ቀመር አውቃለሁ፤ ይህን የሚነካ አንድም ትዝ አላለኝ።

— ግራውን መቼ ያስገፍፋሉ?

— አላስገፍፍም።

— ለምን?

— ሁለቱም ነጭ ካሉኝ፣ ስሳሳት እንደኖርሁ ማን ያስታውሰኛል? አንዱ ምስክር ይሁን።

ልክ አይደሉም። ሞራ በቆየ ቁጥር እየጠጠረ ይሄዳል፤ ለሐኪሙም ያስቸግራል። ጥበብ የሚመስል ግትርነት አለ፣ ይሄም ከዚያ ወገን ነው ብዬ አሰብሁ። ለየኔታ ግን እንዲህ አይባልም፤ በሌላ በኩል ዞርሁ።

— ባለፈው ሳምንት ደጃፉ ላይ ወደቁ ሲሉ ሰማሁ። በግራ በኩል ያለውን ድንጋይ ሳያዩት ነው አሉ።

— እውነት ነው፣ ተደናቀፍሁ።

ጋቢያቸውን ትከሻቸው ላይ መለሱ።

— ታየሁም። ሠፈሩ ሁሉ ነው መጥቶ የጠየቀኝ።