የአያቴ ድሪ
(ስለ ጥንታዊ የብር ጌጥና ስለ አንጥረኞቻችን የቀረበ አጭር ጥናት)

ይህን ጽሑፍ እንዳዘጋጅ ያነሣሣኝ አንድ የቤተሰብ ጉዳይ ነው። ባለፈው ክረምት ትምህርት ቤት ሲዘጋ ወደ ዳባት ወጥቼ ከአያቴ ዘንድ ሰነበትሁ። ታላቅ እኅቴ ልታገባ ስለ ነበረ አያቴ ከሣጥኗ መስቀል ያለበት የብር ድሪ አውጥታ «ጎንደር ስትመለስ ለአንጥረኛ ስጠው፤ ይቅለጥና ለእኅትህ አዲስ ጌጥ ይሥራላት» አለችኝ። ድሪው ጠቍሮ ነበር፤ ሰንሰለቱም ሁለት ቦታ ተበጥሶ በክር ታስሯል። ከምን እንደ ተሠራ ብጠይቃት «እናቴ ስታገባ አባቷ አራት ጠገራ ብር ቈጥሮ ለአንጥረኛ ሰጠላት» ብላ መለሰችልኝ።

ጠገራ ብር ወይም ማርትሬዛ የሚባለው በኦስትሪያዋ ንግሥት በማሪያ ቴሬዛ ስም የተመታ ገንዘብ ነው። ንግሥቲቱ የሞተችው እ.ኤ.አ. በ1780 ሲሆን፥ ከዚያ በኋላ ለብዙ ዘመን የተመታውም ሁሉ ያንኑ የ1780 ቍጥር ይዞ ይወጣ ነበር። የአንዱ ክብደት 28 ግራም ያህል ነው፤ ከሺህ እጅ 833ቱ ንጹሕ ብር ነው። ንጹሕ ብር ለስላሳ ስለ ሆነ የተቀላቀለበት መዳብ ያጠነክረዋል። ይህ ገንዘብ በአገራችን እስከ 1937 ዓ.ም. የገንዘብ ዐዋጅ ድረስ መገበያያ ነበር። ጌጥ ማሠራት የፈለገ ሰው ጠገራውን ይዞ ወደ አንጥረኛ ይሄዳል፤ አንጥረኛውም አቅልጦ ይሠራለታል። ስለዚህ በቋንቋችን «ብር» የማዕድኑም የገንዘቡም ስም ነው። ድሪ፥ አልቦና አምባር ለሴት ልጅ ጌጥ ብቻ ሳይሆኑ ለክፉ ቀን የተቀመጠ ሀብትም ነበሩ።

ጎንደር እንደ ተመለስሁ አንድ ሽማግሌ አንጥረኛ ቤት ሄድሁ። ባለቤታቸው ቡና አፍልተው ስኒ ሲያቀርቡልኝ «ጾመኛ ነኝ» ብዬ መለስሁ። ዕለቱ ግን የመስከረም ማክሰኞ ነበር። እውነቱን ለመናገር፥ ከብረት ሠሪ ቤት አትብላ፥ ዐይናቸው ክፉ ነው ሲባል እየሰማሁ ስላደግሁ ፈርቼ ነው። ሽማግሌው ምንም አልተናገሩም፤ ስኒው ግን ከፊቴ እንዳለ ቀዘቀዘ።

ድሪውን በሚዛን ላይ ሲያስቀምጡት 109 ግራም መጣ። አራት ጠገራ 112 ግራም ይሆናልና ሦስት ግራም የት ሄደ ብዬ ጠየቅኋቸው። «ከፊሉን እሳትና ሞረድ በልቶታል፤ የቀረውን ደግሞ የለባሾቹ አንገት ነው የበላው፤ ልጄ፥ ከአራት ጠገራ ይህን ያህል ከቀረ የሠራው ሰው አልሰረቀም» አሉኝ። ከዚያ በኋላ አጕሊ መነጽራቸውን ሰጥተውኝ እንድመለከት አዘዙኝ። እኔ ጥቁር ብረት ብቻ መስሎኝ የነበረው መስቀል ከፀጉር ጥቂት በሚወፍር የብር ክር የተሸመነ ሆኖ አገኘሁት።

ያስረዱኝም እንዲህ ነው። ንጹሕ ብር የሚቀልጠው በ962 ዲግሪ ሙቀት ነው፤ አንጥረኛው ግን ለዚህ የሚበቃውን እሳት ያገኘው በከሰልና በወናፍ ነበር። ብሩ ቀልጦ በዘንግ ቅርጽ ይፈስሳል፤ ዘንጉ በመዶሻ ይቀጥናል፤ ከዚያም ከሰፊ ወደ ጠባብ የሚሄዱ ቀዳዳዎች ባሉት የብረት ሳንቃ እየተጐተተ ክር ይሆናል። በየመካከሉ በእሳት ካልሞቀ ይደርቅና ይበጠሳል። ክሩ ተጠምዝዞ ከተደረደረ በኋላ ከብሩ ቀድሞ የሚቀልጥ የብርና የመዳብ ድብልቅ ከቦራክስ ጋር ተነስንሶበት ይሞቃል። እሳቱ ካነሰ አይያያዝም፤ ከበዛ ግን የብዙ ቀን ድካም በቅጽበት ቀልጦ ይቀራል። በመስቀሉ ጠርዝ ያሉት ጥቃቅን እንክብሎችም የብር ቍራጭ በከሰል ላይ ሲቀልጥ በራሱ እየተንከባለለ የሚሆናቸው ናቸው። ጥቁረቱም ዝገት ሳይሆን ብሩ ከጢስና ከአየር ድኝ ሲያገኘው የሚለብሰው ልብስ ነው።

ወፍራም መስቀል ሲሆን ደግሞ አስቀድሞ በሰም ይቀረጻል። ሰሙ ጭቃ ይለብሳል፤ ጭቃው ሲተኮስ ሰሙ ቀልጦ ይወጣል፤ በባዶው ስፍራ ብሩ ወይም ወርቁ ይፈስሳል። ባለቅኔዎቻችን «ሰምና ወርቅ» የሚሉት ምሳሌ ከዚሁ ከአንጥረኛ ቤት የተወሰደ ነው። ቅኔውን እያከበርን አንጥረኛውን መናቃችን ያን ጊዜ ትዝ ብሎኝ አፈርሁ።

ከተማችን ጎንደር በ1628 ዓ.ም. ገደማ በዐፄ ፋሲል ከተቈረቈረች ጀምሮ የባለ እጆች ከተማ ነበረች። ቤተ እስራኤል የሚባሉት ወገኖቻችን ወንዶቹ በብረት ሥራ፥ በሽመናና በግንበኝነት፥ ሴቶቹ በሸክላ ሥራ የታወቁ ነበሩ፤ በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. አብዛኞቹ ወደ እስራኤል ሲሄዱ ሙያቸውም አብሮ ሄደ። እቴጌ ምንትዋብና ልጃቸው ዐፄ ኢያሱ ዳግማዊ ለቍስቋም ቤተ ክርስቲያን እንደ ሰጡት የሚነገር አንድ የወርቅ ዘውድና አንድ የወርቅ ጽዋ አለ። የእንግሊዝ ጦር በ1860 ዓ.ም. ከመቅደላ ወሰዳቸው፤ ዛሬም ለንደን በቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም ይገኛሉ። የጽዋው ሠሪ ወልደ ጊዮርጊስ እንደሚባል ሙዚየሙ መዝግቧል። በዘመኑ ከሠሩት ብዙ እጆች መካከል ስሙ የደረሰኝ እርሱ ብቻ ነው።

የሌሎቹ ስም ለምን ጠፋ? ሥራውን ወደን ሠሪውን ስለ ናቅን ነው። «ጠቢብ» ማለት ጥበብን የሚያውቅ ሰው ማለት ነበር፤ ይኸው ቃል በአፋችን «ጠይብ» ሆኖ ስድብ ሆነ። ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው መስደብ የሚከለክል ዐዋጅ አውጥተው ነበር፤ ነገር ግን በዐዋጅ የተከለከለው ከልብ ለመውጣት ብዙ ዘመን ይወስዳል። ለዚህም የእኔው ቀዝቃዛ ስኒ ምስክር ነው።

ሽማግሌው መስቀሉን እያገላበጡ «ላቅልጠው ካልኸኝ አቀልጠዋለሁ፤ ገንዘቡ የእናንተ ነው። ነገር ግን ይህን የሠራው ሰው እጁ ከእኔ ይበልጣል። ካቀለጥሁት መልሼ አልሠራውም» አሉኝ። ዝም ብዬ ቆየሁና ወደ አያቴ ስልክ ደወልሁ። የሠሪውን ስም ብጠይቃት አላወቀችውም፤ ብሩን የሰጠውን የአያቷን ስም ግን እስከ ሰባት ቤት ቈጠረችልኝ። የአንጥረኛውን ቃል ስነግራት ጥቂት ዝም ብላ «እንግዲያውስ ይጠገን» አለች።

ከሳምንት በኋላ ድሪውን ለመቀበል ስሄድ የተበጠሰው ተያይዞ፥ ቀድሞ በእርሳስ የተለጠፈው ክፉ ጥገናም ተነሥቶ አገኘሁት። ባለቤታቸው እንደ ገና ቡና አቀረቡልኝ። ያን ዕለት እስከ በረካው ጠጣሁ። እኅቴም በሠርጓ ቀን ድሪውን አጠለቀችው።

ወንድሞቼና እኅቶቼ ሆይ፤ በየቤታችሁ ሣጥን ውስጥ እንዲህ ያለ ብር አይጠፋም። ሳይቀልጥ ወይም ሳይሸጥ በፊት መዝኑት፤ በአጕሊ መነጽር ተመልከቱት፤ ከማን እንደ መጣና ማን እንደ ሠራው ሽማግሎችን ጠይቁ፤ የሰማችሁትንም ጻፉ። እኔ የመጀመሪያውን ሠሪ ስም ላገኘው አልቻልሁም። የጠገኑትን ሽማግሌ ስም ግን ከነዓመተ ምሕረቱ በወረቀት ጽፌ ከድሪው ጋር በአያቴ ሣጥን ውስጥ አስቀምጬዋለሁ።