በአንድ መሬት ላይ በሁለት ችሎት ስለ መሟገት

መሬት ለገበሬ የኑሮው መሠረት ለልጆቹም ተስፋ ስለ ሆነ፤ በይዞታው የመጣበትን ሰው በዝምታ የሚያልፍ የለም። መብቱንም በሕግ መጠየቁ የተገባ ነው። ነገር ግን ስለ አንድ መሬት፤ ከአንድ ባላጋራ ጋራ፤ በአንድ ጊዜ በሁለትና በሦስት ቦታ ክስ ማቅረብ መብትን አያጠነክርም። ገንዘብን ይጨርሳል፤ ማሳውንም ጾም ያሳድራል።

ልማዱ የቈየ ነው። በንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ዘመን ባለርስቱ በፍርድ ቤት እየተሟገተ ሳለ ለሚኒስቴር አቤቱታ ያቀርብ፤ ለዙፋን ችሎትም ይጮኽ ነበር። የገጠር መሬት በ1967 ዓ.ም. በአዋጅ ቍጥር 31 የሕዝብ ሀብት ከሆነ ወዲህ የክርክሩ ርእስ ከባለቤትነት ወደ ይዞታ ተለወጠ፤ ልማዱ ግን አልቀረም።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ለዚህ ነገር ሦስት መፍትሔ አበጅቶለታል። በቍጥር 5 በተከራካሪዎቹ መካከል በፍርድ ያለቀ ነገር ዳግመኛ እንዳይከሰስበት ይከለክላል። በቍጥር 8 በዚያው ነገር፤ በነዚያው ሰዎች መካከል፤ ሥልጣን ባለው ፍርድ ቤት አስቀድሞ የተጀመረ ክስ ሳለ ኋለኛው ክስ እንዳይሰማ ያዛል። በቍጥር 11 ደግሞ ተመሳሳይ ጭብጥ ያላቸው ክሶች ተጣምረው እንዲታዩ ይፈቅዳል።

ሆኖም ሁለት መዝገብ ሁሉ ድርብ ክስ አይደለም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቍጥር 1149 ይዞታው በኀይል የተነጠቀበት ወይም ሁከት የተነሣበት ሰው በሁለት ዓመት ውስጥ ክስ እንዲያቀርብ ይፈቅዳል፤ የዚህ ክስ ዓላማ ይዞታን መመለስና ሁከትን ማስወገድ ነው። የውርስ ድርሻ ጥያቄ ከዚህ የተለየ ነው። ድንበር ገፍቶ ሰብል ያጠፋ ሰው በወንጀል ቢከሰስም፤ የወንጀሉ ፍርድ መሬቱ የማን እንደ ሆነ አይወስንም።

ለምሳሌ አንድ አባት ሞቶ ታላቁ ልጅ በታናሹ ላይ የውርስ ክስ አቀረበ እንበል። ነገሩ እንደማይቃናለት ባየ ጊዜ ስለዚያው ማሳ በሌላ ችሎት «ይልቀቅልኝ» ብሎ ይከሳል፤ ለመሬት ጽሕፈት ቤትም «ደብተሩ በስሜ ይዙርልኝ» ብሎ ያመለክታል። ታናሹም ስለ ፊተኛው ክስ ሳይናገር ይቀራል። ጽሕፈት ቤቱ ሳይመረምር ደብተር ቢሰጥ፤ ችሎቶቹም እየብቻቸው ቢፈርዱ፤ በአንድ ማሳ ላይ ሁለት ፍርድና አንድ ደብተር ይገኛል። ሰኔ ሲገባ ሁለቱም በሬያቸውን ጠምደው ይወርዳሉ፤ ያን ጊዜ ነገሩ ከወረቀት ወደ ዱላ ይሸጋገራል።

ስለዚህ የሚከተለውን መጠንቀቅ ያስፈልጋል።

1ኛ፤ አስተዳዳሪም ሆነ የመሬት ሹም አቤቱታ ሲቀርብለት አስቀድሞ «ይህ ነገር በፍርድ ቤት ተይዟልን?» ብሎ ይጠይቅ፤ ተይዞ ከሆነ የመዝገቡን ቍጥር ይጻፍ።

2ኛ፤ ክርክር ያለበትን ይዞታ በሌላ ሰው ስም ከማዞሩ በፊት የፍርዱን መጨረሻ ይጠብቅ። ፍርድ ቤቱ በቍጥር 154 የእግድ ትእዛዝ ሰጥቶ እንደ ሆነ ሳያመነታ ይፈጽም።

3ኛ፤ ለፍርድ ቤት ሥራ የሚገባውን ነገር በደብዳቤ አይወስን።

4ኛ፤ ተከሳሹ ነገሩ በሌላ ችሎት መያዙን በመጀመሪያው መልሱ እንዲያመለክት ይመከር፤ ሙግቱ ከገፋ በኋላ ማንሣት ለሁሉም ድካም ነው።

5ኛ፤ ከሳሹ ወራሾችን ሁሉ ከመጀመሪያው በክርክሩ ያግባ። የተተወ ወራሽ ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት በቍጥር 358 መቃወሚያ ሊያቀርብ ይችላልና።

6ኛ፤ ሽማግሎች ከዘር ወራት በፊት ተከራካሪዎቹን ሰብስበው፤ ፍርዱ እስኪወጣ ማሳውን ማን እንደሚያርስና እህሉ በማን እጅ እንደሚቀመጥ ያስማሙ። ስምምነቱም ተጽፎ ለፍርድ ቤቱ ይቅረብ።

ፍርድ ሊዘገይ ይችላል፤ ክረምት ግን ችሎትን አይጠብቅም። ያልተዘራው ማሳ ለረታውም ለተረታውም እህል አይሰጥም። አስተዋይ ሹም ነገርን በአንድ መዝገብና በአንድ ችሎት እንዲያልቅ ሲረዳ፤ የሰውን መብት ከመጠበቁም በላይ የሀገሩን ጐተራ ይጠብቃል።