ጠይብ ማነው?

ማረሻችን ሲዶለድም ወዴት እንሄዳለን? ወደ ባለእጁ ነው። ወገሉን፣ ማጭዱን፣ መጥረቢያውን እሱ ይሠራልናል። ሚስቱ የሠራችውን ምጣድና ጋን ከነፋስ መውጫ ወይም ከወገዳ ገበያ ገዝተን ወደ ቤታችን እናስገባለን። ምጣዱን እናስገባለን እንጂ ሴትዮዋን ግን ከደጅ እንመልሳታለን። «ጠይብ ናት፣ ቡዳ ናት፣ ዘሯ ሌላ ነው» እንላለን። ልጃችንንም ለልጇ አንድርም። እኛ ተማሪዎቹም ከዚህ ንጹሕ አይደለንም፤ የሸማኔውን ልጅ «ቁጢት በጣሽ» እያልን ነው ያደግነው።

እውን ዘራቸው ሌላ ነው? እስቲ እንየው።

በጎንደር ዙሪያ ብረት ቀጥቃጩ ብዙውን ጊዜ ቤተ እስራኤል ነበር፤ ተናቀ። ሸማኔው ብዙውን ጊዜ እስላም ነበር፤ ተናቀ። ከጋሞ አዲስ አበባ የገባው የዶርዜ ሸማኔም ተናቀ። እነዚህ ሰዎች በሃይማኖትም በትውልድ አገርም አይገናኙም። የሚያገናኛቸው የእጅ ሥራ ብቻ ነው። ታዲያ ስድቡ የተከተለው ሥራውን ነው እንጂ ደሙን አይደለም። ደም እንደሆነ ሐኪም ሲመረምረው የገበሬና የቀጥቃጭ ብሎ አይለየውም።

ነገሩ የመጣው ከመሬት ነው። ዱሮ ቤተ እስራኤልና እስላም ርስት ይከለከሉ ነበር። መሬት ያጣ ሰው በምን ይደር? በእጁ ሥራ አደረ። ባለርስቱ መሬት የለውም ብሎ ናቀው፤ ስለናቀውም አልተጋባውም። ዘመን ሲቆይ መነሻው ተረሳና «ዘራቸው ነው» ተባለ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የመሬት አዋጅ ርስትን አስቀረ፤ ንቀቱ ግን በአዋጅ አልጠፋም። አፄ ምኒልክም በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው መስደብ ክልክል ነው ብለው አሳውጀው ነበር። በዚያ አዋጅ ከተሰደቡት መካከል አራሹም ተቆጥሯል። እኛንም የሚንቀን ነበረ ማለት ነው!

ሴባስቶፖል የተባለውን መድፍ አፄ ቴዎድሮስ ያሠሩት እዚሁ ደብረ ታቦር አጠገብ፣ ጋፋት ላይ ነው። ክብደቱ ወደ 70 ኩንታል ይጠጋል። በ1860 ዓ.ም. በጋይንት በኩል እየተጎተተ መቅደላ ወጣ። በመድፉ ዛሬም እንኮራለን። ከፈረንጆቹ ጋር ላብ ያፈሰሱትን ያገራችንን ባለእጆች ግን ማን ያነሳቸዋል?

ጉዳቱ በስድብ ብቻ አያበቃም። ሕፃን ተቅማጥ ሲይዘው «ቡዳ በላው» ይባላል። ጭስ ይታጠናል፣ ባለእጁ ተጎትቶ «ልቀቅ» ይባላል። እንዲህ ሲባል ሁለት ሦስት ቀን ያልፋል። ተቅማጥ የሚመጣው ከቆሸሸ ውሃና ምግብ፣ ካልታጠበ እጅም ነው። ልጁን የሚገድለው የሰውነቱ ውሃ ማለቁ ነው። ስለዚህ ፈልቶ በቀዘቀዘ 1 ሊትር ውሃ 6 የሻይ ማንኪያ ስኳርና ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው በጥብጠን ቶሎ ቶሎ እናጠጣው። ማንኪያው ልክ ይሁን፤ ጨው ከበዛ ይጎዳዋል። በዚያው ቀንም ጤና ጣቢያ እናድርሰው። መንገዱ ሩቅ ከሆነ ባለእጁ ጎረቤታችንም በማዘል ያግዘን።