ጡረታ የማያውቁት ጳጳስ

ወጣቱ፦ ጋሼ፣ የሊቨርፑል ማሊያ ከአንገቱ ጀርባ በሁለት ነበልባሎች መካከል 97 የሚል ቁጥር አለው። በአደጋ የሞቱት ደጋፊዎች ቁጥር መሆኑን አውቃለሁ። እርስዎ ግን ትናንት ነገሩን ከአንድ ጳጳስ ጋር አያይዘው ሲያወሩ ሰማሁ። ጳጳስና ኳስ ምን አገናኛቸው?

አዛውንቱ፦ ጄምስ ጆንስን ነበር ያነሳሁት፤ ከ1998 እስከ 2013 የሊቨርፑል አንግሊካን ጳጳስ የነበሩትን። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምነግርህ። ስለ ጳጳሱ ከማውራታችን በፊት ግን የሞቱትን እናንሳ፤ እሳቸውም ቢሆኑ እንዲህ እንዲጀመር ነው የሚፈልጉት።

ወጣቱ፦ እሺ፣ ምን ሆነው ነው የሞቱት?

አዛውንቱ፦ ኤፕሪል 15 ቀን 1989 ሊቨርፑልና ኖቲንግሃም ፎረስት ሸፊልድ ከተማ፣ ሂልስቦሮ ስታዲየም፣ የኤፍ ኤ ካፕ ግማሽ ፍጻሜ ሊጫወቱ ተገናኙ። የሊቨርፑል ደጋፊ የሚገባበት በር ጠባብ ስለነበር ውጭ ላይ ሕዝቡ ተፋፈገ። ከቀኑ በ8 ሰዓት ከ52 ፖሊስ ራሱ ትልቁን የመውጫ በር አስከፈተ። ሰዉ ፊት ለፊት ባገኘው መተላለፊያ ገብቶ ቀድሞውኑ ወደ ሞላው መሐለኛው መቆሚያ ጎረፈ። ያን መተላለፊያ ዘግቶ ሰዉን ወደ ጎን የመራ አልነበረም። መቆሚያው ደግሞ በብረት አጥር የታጠረ ነው። ብዙዎቹ እዚያው እንደ ቆሙ ትንፋሽ አጥሯቸው ሞቱ። ከሟቾቹ ሁሉ ትንሹ የ10 ዓመት ልጅ ነው፤ የተጫዋቹ የስቲቨን ጄራርድ ዘመድ።

ወጣቱ፦ በሩን ያስከፈተው ፖሊስ ከሆነ ጥፋቱ ግልጽ አይደለም እንዴ?

አዛውንቱ፦ የጨዋታው የፖሊስ አዛዥ በዚያው ሰዓት «ደጋፊዎቹ በሩን በኃይል ከፍተው ገቡ» ብሎ ተናገረ። ውሸት ነበር። በአራተኛው ቀን አንድ ትልቅ ጋዜጣ ሰካራሞች የሟቾችን ኪስ ፈተሹ ብሎ በፊት ገጹ አወጣ። በዚያው ዓመት ዳኛ ቴይለር አጣርተው ዋናው ምክንያት የፖሊስ ቁጥጥር ጉድለት ነው ብለው ጽፈው ነበር። ይሁን እንጂ የአሟሟት ምርመራው ችሎት በ1991 «ድንገተኛ አደጋ» ብሎ ዘጋው። ከ9 ሰዓት ከሩብ በኋላ የሆነውንም አልመረምርም አለ፤ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ሁሉም ሊድኑ ከማይችሉበት ደርሰዋል በሚል። እናቶች ልጃቸውን ቀብረው፣ የልጃቸው ስም ግን ሳይጸዳ ቀረ። እርማቸውን ሳያወጡ 20 ዓመት ኖሩ።

ወጣቱ፦ ጳጳሱስ መቼ ገቡበት?

አዛውንቱ፦ ሰውየው ግላስጎው በ1948 ተወለዱ፤ መምህር ሆነው ሠሩ፤ በ1982 ክህነት ተቀበሉ፤ መጀመሪያ በሀል፣ ኋላም በሊቨርፑል ጳጳስ ሆኑ። እስከዚህ ድረስ እንደማንኛውም የእንግሊዝ ጳጳስ ናቸው። በ2009፣ በ20ኛው ሙት ዓመት፣ ሚኒስትሩ አንዲ በርንሃም በሊቨርፑል ስታዲየም በአንፊልድ ንግግር ሲጀምር ሕዝቡ «ፍትሕ!» እያለ አቋረጠው። ከዚያ በኋላ መንግሥት የታሸጉት ሰነዶች በገለልተኛ ፓነል ይታዩ አለ። ሰብሳቢው ጆንስ ሆኑ።

ወጣቱ፦ እርስዎ ዕድሜዎን በዳኝነት ያሳለፉ ሰው ነዎት። እንዲህ ያለ ጉዳይ ለጳጳስ ሲሰጥ ቅር አይልዎትም?

አዛውንቱ፦ ቢለኝም እውነቱን ልንገርህ። ዳኛውም፣ መርማሪውም፣ ችሎቱም ለእነዚያ ቤተሰቦች ተሞክረው ነበር፤ ከዚያ በኋላ ካባ የለበሰ ሁሉ ቢመጣ አያምኑትም። የፓነሉ መመሪያ ሰነዱ ከማንም በፊት ለቤተሰቦቹ ይገለጥ የሚል ነበር። ከ450,000 ገጽ በላይ ተመረመረ። ሴፕቴምበር 12 ቀን 2012 ሐዘንተኞቹ በሊቨርፑሉ አንግሊካን ካቴድራል ተሰብስበው ውጤቱን ከፓርላማው ቀድመው ሰሙ። እኛ በችሎት ስንት ጊዜ ነው ሐዘንተኛን ከኋላ ወንበር አስቀምጠን እርስ በርሳችን የተነጋገርነው!

ወጣቱ፦ ሰነዱ ውስጥ ምን ተገኘ?

አዛውንቱ፦ 164 የፖሊስ ምስክርነት ቃሎች ተለውጠዋል። ከ116ቱ ላይ ፖሊስን የሚነካው ተፋቀ። በተሻለ እርዳታ 41 ሰዎች ሊተርፉ ይችሉ እንደነበርም ታወቀ። እኔን ከሁሉ ያመመኝ ግን ሌላ ነው። ከሟቾች ሁሉ፣ ከሕፃናቱም ጭምር፣ ደም ተወስዶ አልኮል ተመረመረ። አልኮል የተገኘባቸው ደግሞ የወንጀል መዝገብ እንዳላቸው በፖሊስ ኮምፒውተር ተፈተሸ። ሰው የሞተበትን ምክንያት ከመፈለግ፣ ሟቹን ጥፋተኛ ማድረጊያ ተፈለገ ማለት ነው። በዚያው ቀን ጠቅላይ ሚኒስትር ካሜሮን በፓርላማ ይቅርታ ጠየቁ። በዲሴምበር የድሮው ውሳኔ ተሻረ። አዲሱ ችሎት ሁለት ዓመት ፈጅቶ በኤፕሪል 2016 በሕገወጥ መንገድ ተገድለዋል፣ ደጋፊዎቹም ጥፋት የለባቸውም አለ።

ወጣቱ፦ በ2013 ጡረታ ወጥተዋል ብለውኝ የለም? እንግዲህ ሥራቸው በዚህ አበቃ።

አዛውንቱ፦ የበለጠውን ሥራ የሠሩት ከዚያ በኋላ ነው። መንግሥት የቤተሰቦቹን በደል እንዲጽፉ ጠየቃቸው። የ2017ቱ ሪፖርታቸው ሕመሙን ያገኘው ይመስለኛል፦ ተጠያቂ የሌለው ሥልጣን ሐዘንተኛን ዝቅ አድርጎ የሚያይበት ጠባይ። የመንግሥት ተቋም ከስሙ ይልቅ የሕዝብን ጥቅም ያስቀድም፣ በአሟሟት ምርመራ ላይ ፖሊስ በሕዝብ ገንዘብ ጠበቃ ሲያቆም ለሐዘንተኛውም ይቁምለት አሉ። በ2018 ደግሞ ጎስፖርት በተባለ ከተማ ሆስፒታል የሆነውን ያጣራው ፓነል መሪ ነበሩ። ከ1989 እስከ 2000 ድረስ ያለ በቂ የሕክምና ምክንያት በተሰጣቸው ኃይለኛ ማስታገሻ የ456 ሕሙማን ዕድሜ እንዳጠረ አወጡ። እዚያም ልጆቻቸው ለዓመታት «አቤት» ቢሉ ሰሚ አጥተው ነበር።

ወጣቱ፦ ይሄ ሁሉ ሲወጣ ማን ተቀጣ?

አዛውንቱ፦ የጨዋታው አዛዥ ተከሶ በ2019 ነፃ ወጣ። የቀድሞው የስታዲየሙ ክለብ ጸሐፊ ብቻ በደኅንነት ጥፋት 6,500 ፓውንድ ተቀጣ። ጳጳሱ በ2017ቱ ሪፖርታቸው ያቀረቡትን ቻርተር መንግሥት የፈረመው በ2023 መጨረሻ ነው፤ ባለሥልጣን እውነቱን እንዲናገር የሚያስገድደው ረቂቅ ሕግም ለፓርላማ የቀረበው በሴፕቴምበር 2025 ነው። በ97ቱ ሰዎች ሞት ግን እስከ ዛሬ አንድም ፖሊስ ጥፋተኛ አልተባለም።