የማናስታውሰው ውለታ

ለእረፍት ወደየቤታችን ከመበተናችን በፊት አንድ ነገር እንተዋወስ።

ስለ አባቴ ለዓመታት የማወራው አንድ ትዝታ ነበረኝ። መድረሳ የገባሁ ቀን እያለቀስኩ በሩ ላይ ትቶኝ፣ ዞር ብሎ እንኳ ሳያየኝ ሄደ። “አባቴ ልቡ ደረቅ ነው” የምለው በዚህ ማስረጃ ነበር። ባለፈው ዒድ ይህንን ለእናቴ ሳነሳባት ሳቀች። “ያን ቀን ሱቅም አልከፈተ፤ እስክትወጣ ድረስ ከአጥሩ ጀርባ ቆሞ ነበር” አለችኝ። ትዝታዬ ውሸት አልነበረም፤ ግን ግማሽ ነበር።

ትዝታ ፍላሽ ላይ እንደተቀመጠ ፋይል ሳይለወጥ የሚቆይ ይመስለናል። እንግሊዛዊው የሥነ ልቦና ተመራማሪ ፍሬድሪክ ባርትሌት በ1932 እ.ኤ.አ. ባሳተመው ጥናት እንዳሳየው ግን፣ ሰው ያለፈውን ሲያስታውስ እንደገና ይገነባዋል፤ የጎደለውንም በራሱ ግንዛቤ ይሞላዋል። በዚያ ላይ አብዛኞቻችን ሦስት ዓመት ሳይሞላን የሆነውን ከነጭራሹ አናስታውስም።

አሁን ወደ ቁርኣን እንመለስ። አላህ (ሱ.ወ) በሱረቱል አሕቃፍ አንቀጽ 15 ለወላጆች በጎ እንድንውል ሲያዘን የሚያነሳው እርግዝናን፣ ወሊድንና ጡት ማስጣልን ነው፤ እርግዝናውና ማጥባቱ 30 ወር። አስተውሉ! የውለታቸው ማስረጃ ሆኖ የቀረበው ማናችንም የማናስታውሰው ጊዜ ነው። በሱረቱል ኢስራእ አንቀጽ 24 በተማርነው ዱዓም የምናነሳው በሕፃንነታችን ያሳደጉንን ነው። ስለዚህ የወላጅ ሐቅ በእኛ ትዝታ ልክ አይመዘንም።

ይህ ማለት ቤተሰብ አይበድልም ማለት አይደለም። ነቢዩላህ ዩሱፍን (ዐ.ሰ) ጉድጓድ የጣሏቸው ወንድሞቻቸው ናቸው። ቤተሰቡ ግብፅ ላይ ሲሰባሰብ ግን የአላህን ውለታ ሲቆጥሩ (12፡100) ከእስር መውጣታቸውን አነሱ፤ ጉድጓዱን አላነሱም። ሰይጣን በመካከላቸው ገብቶ እንደነበር ተናገሩ እንጂ አንድም ወንድማቸውን አልወነጀሉም። ረስተው አይደለም፤ ለማስታወስም አደብ ስላለው ነው።

በዚህ እረፍት እስኪ እነዚህን እንሞክር፦
1. በልባችን የያዝነውን አንድ ቅሬታ ከመናገራችን በፊት በአክብሮት እንጠይቅ፤ “ያን ቀን ምን ሆኖ ነበር?” ብለን።
2. ወላጆቻቸው ወደ አኼራ የሄዱባቸው ደግሞ አክስት፣ አጎት ወይም የድሮ ጎረቤት ይጠይቁ።
3. ከሶላት በኋላ ዱዓቸውን አንርሳ።

አላህ በሕይወት ላሉት ጤናና ዕድሜ ይስጥልን፤ ለሞቱት ይዘንላቸው። አሚን።