የልጅ ጉዳይ በዳኛ ፊት



ከዳባት፣ ከደባርቅና ከጃናሞራ ብቻቸውን ወደ ጎንደር የሚመጡትን ልጆች ማስጠጋት መልካም ሥራ ነው። ሆኖም ማስጠጋት የራስ ማድረግ አይደለም። ልጁን የሚፈልግ እናት ወይም አያት ይኖር ይሆናል።

ንጉሥ ሰሎሞን ሕፃኑን ለእናቱ የሰጠው የሁለቱን ሴቶች ቃል ሰምቶ ነው (1ኛ ነገ. 3፥16-28)። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 36 ልጅ ወላጆቹን ወይም ሕጋዊ አሳዳጊዎቹን የማወቅና እንክብካቤያቸውን የማግኘት መብት ይሰጠዋል፤ ፍርድ ቤቶችና የበጎ አድራጎት ድርጅቶች ጥቅሙን እንዲያስቀድሙ ያዛል።

እንግዲህ ምን እናድርግ?

1. ልጁ እንደ ተገኘ ለፖሊስና ለሴቶችና ሕፃናት ጽሕፈት ቤት እናስታውቅ፤ የመጣበትን ቀበሌና የዘመዶቹን ስም እንመዝግብ።

2. አሳዳሪ የሚሆን ዘመድ ሲታጣ ሞግዚት መሾም፣ ጉዲፈቻንም ማጽደቅ የፍርድ ቤት ሥራ ነው። የሽማግሌዎች ስምምነትም የእኛ ማኅተምም አይተካውም።

3. ዳኛው ልጁን ሲጠይቀው በገዛ አፉ ይናገር፤ እኛ ቃል አናስጠናው።

ቀጠሮ መመላለስ ያደክማል። ነገር ግን ጉዳዩ በመዝገብ ያልሰፈረን ልጅ እናቱ ብትመጣ በምን ታገኘዋለች?

ለውይይት፦ በእጃችን ካሉት ልጆች መካከል ጉዳዩ ለዳኛ ያልቀረበ አለን?