ምጽዋ፦ በአፍ የቆየ ታሪክና በድንጋይ የተጻፈ ታሪክ

ቢስሚላሂ ረሕማኒ ረሒም



በቅርቡ በኮልፌ የሙስሊም መካነ መቃብር አንድ ጀናዛ ሸኝተን ነበር። ዱዓው አልቆ ሰዉ ሲበታተን ከአጠገቤ የቆሙ አዛውንት፣ «የሟቹ አያት ከወሎ በእግራቸው ተነስተው፣ በምጽዋ ተሻግረው ሐጅ ያደረጉ ሰው ነበሩ። ታሪኩን አሳምሮ የሚያውቀው እሱ ነበር፤ እንግዲህ ማንን እንጠይቃለን?» አሉኝ። ሐጁ ስንት ወር እንደፈጀባቸው፣ በየት በኩል እንዳለፉ፣ ከማን ጋር እንደተጓዙ ልጆቹን ብንጠይቅ አንዱም አያውቅም። በዚያች ቀን ከሰውየው ጋር አንድ መንገድ አብሮ ተቀበረ።

የዛሬው ትምህርታችን ስለዚያች የባሕር በር ነው። «እስልምና ወደ አገራችን በባሕር መጣ» እንላለን። ስለ በሩ ግን ምን ያህል እናውቃለን?

አሮጌዋ ምጽዋ በቀይ ባሕር ላይ ያለች ትንሽ ደሴት ናት። በትግርኛ ባጽዕ ትባላለች። ከጎኗ ጣውሉድ የምትባል ሌላ ደሴት አለች። ሁለቱ ደሴቶች እርስ በርስና ከየብሱ ጋር በድልድይ መንገድ የተገናኙት በ19ኛው ክፍለ ዘመን በግብጾች ዘመን ነው። ቤቶቿ ከባሕር በወጣ የዛጎል ድንጋይ የተሠሩ ናቸው። ሙቀቷ የበረታ፣ የመጠጥ ውኃ የሌላት ስለሆነች ነዋሪዋ ለውኃም ለእህልም የየብሱን ሰው ደጅ ሲጠና ኖሯል።

ከደሴቲቱ ጫፍ ራስ ሙዱር በሚባለው ስፍራ የሶሓቦች መስጂድ አለ። የአካባቢው ሕዝብ ከመካ የተሰደዱት ሶሓቦች መጀመሪያ የረገጡት መሬት ይህ ነው ይላል። የሲራ መጻሕፍት እንደሚነግሩን በነቢይነቱ 5ኛ ዓመት (እ.ኤ.አ. በ615) 11 ወንዶችና 4 ሴቶች ከሹዐይባ ወደብ በሁለት የነጋዴ መርከቦች፣ በግማሽ ዲናር ክፍያ ተሳፍረው ወደ ሐበሻ ተሻገሩ። ዑስማን ኢብኑ ዐፋንና ባለቤታቸው ሩቅያ (ረ.ዐ.) ከነዚህ ውስጥ ነበሩ። መነሻው ወደብና የመርከቡ ዋጋ ተጽፎ ደርሶናል። ራስ ሙዱር ማረፋቸው ግን ከአባት ወደ ልጅ በአፍ የተላለፈ ቃል ነው። ቃሉን አንንቀው። ነገር ግን በአፍ የቆየውንና የተጻፈውን ለይተን እንያዝ።

በጽሑፍ የተመሰከረውን ታሪክ ለማግኘት ከምጽዋ ፊት ለፊት ባሕሩ ውስጥ ወዳሉት የዳህላክ ደሴቶች እንሻገር። በ8ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ኡመውያዎች እነዚህን ደሴቶች ይዘው የግዞት ስፍራ አደረጓቸው። የመዲናው ገጣሚ አል-አሕወስ ከግዞተኞቹ አንዱ ነበር። ዘግየት ብሎ ዳህላክ የራሷ ሱልጣኖች የነበሯት የንግድ አገር ሆነች። በ11ኛው ክፍለ ዘመን ደግሞ የመኖች ዘቢድን ይገዛ የነበረው ነጃሕ፣ በትውልዱ ሐበሻ የሆነና ከባርነት ተነስቶ ለንግሥና የበቃ ሰው፣ በተገደለ ጊዜ ልጆቹ ሰዒድና ጀያሽ ሸሽተው የተጠለሉት በዳህላክ ነው። ከዚያም ተመልሰው የአባታቸውን መንግሥት አስመለሱ። ሐበሻ በአንድ ወቅት የመንን መግዛቱን ከልጆቻችን ስንቱ ያውቃል?

በዳህላክ ከቢር መቃብር ከ200 በላይ ጽሑፍ ያለባቸው ድንጋዮች ተገኝተዋል። ከ10ኛው እስከ 16ኛው ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ የተቀረጹ ናቸው። በዐረብኛ የቁርኣን አንቀጽ፣ የሟቹ ስም ከነአባቱና ከነአያቱ፣ ያረፈበት ወርና የሂጅራ ዓመት ተጽፎባቸዋል። የሱልጣንም፣ የተራ ሰውም፣ የሴቶችም ስም አለ። ብዙዎቹ ተወስደው ዛሬ በካይሮ፣ በጣሊያንና በፈረንሳይ ሙዚየሞች ይገኛሉ። ያም ሆኖ እነዚያ ሰዎች ከ1000 ዓመት በኋላም በስማቸው ይጠራሉ። እኛ ግን የሦስተኛ አያታችንን ስም ስንጠየቅ እንንተባተባለን።

የኋላውን ዘመን በአጭሩ ለመመልከት፦ እ.ኤ.አ. በ1557 ኦስማናውያን በኦዝደሚር ፓሻ መሪነት ምጽዋን ያዙ። ቆይቶም የየብሱን ጉዳይ ሕርጊጎ ላይ ለተቀመጡት የአገሬው ናኢቦች ተዉላቸው። በ1865 ከተማዋ ለግብጽ ተላለፈች፤ በ1885 ጣሊያን ያዛት። በዚህ ሁሉ ዘመን ከጎንደርና ከትግራይ እየተነሱ ወደዚህች ወደብ ከሚወርዱት የሲራራ ነጋዴዎች ብዙዎቹ ሙስሊሞች ነበሩ። ርስት በተነፈጉበት አገር ንግድ ዳቦአቸው፣ ምጽዋ ደግሞ መስኮታቸው ነበረች። ወርቅ፣ የዝሆን ጥርስና ዝባድ ይዘው ይወርዱ ነበር። እውነቱን እንናገር ካልን በዚያው መንገድ ሰውም እንደ ዕቃ ተነድቶ ተሽጧል። ታሪክ የምንማረው ለመመጻደቅ ብቻ ከሆነ አልተማርንም።

በ1952 ኤርትራ ከኢትዮጵያ ጋር በፌዴሬሽን ተዋሐደች። በ1990 ምጽዋ ላይ በተደረገው ከባድ ውጊያና ከዚያ በኋላ በወረደባት የአየር ድብደባ አሮጌዋ ከተማ ክፉኛ ተጎዳች። በ1993 ኤርትራ ነጻ አገር ሆነች፤ ከ1998ቱ ጦርነት ወዲህም መንገዱ ለረጅም ዓመታት ተዘጋ። እንግዲህ አያቶቻችን በምጽዋ እንዴት እንዳለፉ እዚያ ሄደን ከመጠየቅ ይልቅ እዚሁ ከኛ ጋር ያሉትን ሽማግሌዎች መጠየቅ ይቀለናል። እነሱንም እየቀበርናቸው ነው።

እዚህ ላይ አንድ አንባቢ፣ «ታዲያ እንደ ዳህላክ ሰዎች መቃብር ላይ እንጻፍ ልትል ነው?» ይለኝ ይሆናል። አይደለም። መቃብርን መለሰን፣ በላዩ መገንባትና መጻፍ መከልከሉን ጃቢር (ረ.ዐ.) ያስተላለፉት ሐዲስ በቲርሚዚ ይገኛል፤ ዝርዝሩን ለዑለማዎች እንተወው። እኔ የምለው ድንጋዩን ተዉት፣ ደብተሩን ግን አትተዉ ነው።

የአጻጻፉን ዘዴም ከሌላ መበደር አያስፈልገንም። የሐዲስ ሊቃውንት አንድ ቃል ሲነገራቸው «ከማን ሰማህ?» ብለው ይጠይቁ ነበር። ኢስናድ የሚባለው ይህ ነው። እኛም ከጁሙዓ ሰላት በኋላ ከአንድ ሽማግሌ ጎን እንቀመጥ። ስማቸውን እስከ አያት እንጻፍ። ከየት አገር፣ በስንት ዓመተ ምሕረት ኮልፌ እንደገቡ፣ በማን ሸይኽ እንደቀሩ፣ ከቤተሰባቸው ሐጅ ያደረገው በየትኛው ወደብ እንደተሻገረ እንጠይቅ። በዓይናቸው ያዩትን «አየሁ»፣ የሰሙትን «ከእገሌ ሰማሁ» ብለን እንለይ። ቀኑን እንጻፍበት። ለዚህ የሚያስፈልገው አንድ ደብተርና አንድ ከሰዓት በኋላ ነው።

የዚያን ቀን የቀበርናቸው ሰው ዕድሜያቸው ከሰማንያ አልፎ ነበር። በሰማንያ ዓመት ውስጥ እስክሪብቶ ይዞ ከፊታቸው የተቀመጠ ሰው አልነበረም። እኔም ጎረቤታቸው ነበርኩ።

አላህ (ሱ.ወ.) ያለፉትን ይማርልን፤ በሕይወት ያሉትን ሳናጣቸው የምንጠይቅ ያድርገን። አሚን።

ወሰላሙ ዐለይኩም ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ።